የቪዲዮ ስም የት ይጠፋል? ከምኒልክ አደባባይ እስከ በቆሎ ማሳ

አዲስ አበባ፦ የዓድዋ ድል በዓል በሚከበርበት የካቲት 23 ቀን ሕዝብ ከሚሰባሰብባቸው ስፍራዎች አንዱ ምኒልክ አደባባይ ነው። ጎፈር የደፋ፣ ጋሻና ጦር የያዘ፣ ጥበብ የለበሰ፣ በፈረስ የመጣ ሁሉ ከቅዱስ ጊዮርጊስ ካቴድራል አጠገብ፣ ከዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ ሐውልት ሥር ሲቆም ከመካከሉ ስልኩን ወደ ላይ አንሥቶ የማይቀርጽ ጥቂት ነው። ዕለቱ ሳይመሽ የተቀረጸው ቪዲዮ በቴሌግራም፣ በቲክቶክ፣ በፌስቡክና በዩቲዩብ አገር ያዳርሳል፤ ባሕር ማዶም ይሻገራል።

ከዓመታት በኋላ ከእነዚህ ቪዲዮዎች አንዱን ከፍቶ «ይህ የየትኛው ዓመት በዓል ነው?» ብሎ ለሚጠይቅ ሰው ግን ምስሉ ብቻውን መልስ አይሰጥም። ሐውልቱ በ1923 ዓ.ም. ጥቅምት ወር፣ በቀዳማዊ ዐፄ ኃይለ ሥላሴ የዘውድ በዓል ዋዜማ የተመረቀ ነው። ፋሺስት ኢጣሊያ በወረራው ዘመን ቢያነሣውም ከነጻነት በኋላ ወደ ቦታው ተመልሷል፤ ከዚያ ወዲህ ፈረሱም ፈረሰኛውም ያው ናቸው። የሕዝቡ አለባበስም ፉከራውም ከዓመት ዓመት ይመሳሰላል። በየካቲት 2016 ዓ.ም. የተመረቀው የዓድዋ ድል መታሰቢያ ተጠናቅቆ በምስሉ ጥግ ከታየ ቪዲዮው እምብዛም የቆየ አለመኾኑን መገመት ይቻላል። ከዚህ ውጭ ዓመቱን፣ ቦታውንና ቀራጩን የሚናገረው ለፋይሉ የተሰጠው ስም፣ ከሥሩ የተጻፈው ማብራሪያና የተለጠፈበት መለያ ቃል ነው። እነዚህ ደግሞ በየመንገዱ ይጠፋሉ፤ ይለወጣሉ።

ጉዳዩ የከተማ ሰው ጉዳይ ብቻ አይደለም። በበቆሎ ማሳው ላይ ተምች አይቶ ስልኩን የሚያወጣ አርሶ አደር የሚደርሰው ምክር ለእርሱ ማሳ የሚኾን መኾኑንም የሚያውቀው ከዚሁ ስም ነው።

ስም የሚጀምረው ከስልኩ ነው። ብዙዎቹ የአንድሮይድ ስልኮች ለተቀረጸው ቪዲዮ ከቁጥር የተሠራ ስም ይሰጣሉ፤ መጀመሪያ ዓመት፣ ቀጥሎ ወር፣ ቀጥሎ ቀን፣ ከዚያም ሰዓት፣ ደቂቃና ሰከንድ። ለምሳሌ 20240302 ብሎ ጀምሮ 081530 ብሎ የሚጨርስ ፋይል በአውሮፓውያኑ 2024 ሦስተኛ ወር፣ በሁለተኛው ቀን፣ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ30 ሰከንድ መቀረጽ የጀመረ ነው። በእኛ አቆጣጠር ዕለቱ የካቲት 23 ቀን 2016 ዓ.ም.፣ 128ኛው የዓድዋ ድል በዓል ነበር። ስልኩ ቀኑን በጎርጎርዮስ አቆጣጠር፣ ሰዓቱን ደግሞ ከእኩለ ሌሊት ጀምሮ ስለሚቆጥር ባለቤቱ ራሱ ስሙን ቢያነብ ወዲያው ላይገባው ይችላል። ያም ኾኖ በዚያ የቁጥር ሰልፍ ውስጥ እውነተኛ መረጃ አለ። አይፎን ይህን ያህል እንኳ አይናገርም፤ ፋይሉን የሚጠራው በተራ ቁጥር ነው።

ይህ መረጃ የሚጠፋው ቪዲዮው ከስልክ ወደ ስልክ ሲሻገር ነው። ዋትስአፕ በአንድሮይድ ስልክ ላይ ለደረሰ ቪዲዮ አዲስ ስም ያወጣለታል፤ በስሙ ውስጥ የሚያስገባው ቀንም ቪዲዮው የተቀረጸበት ሳይኾን ስልኩ የተቀበለበት ቀን ነው። ስለዚህ በ2012 ዓ.ም. የተቀረጸ የበረሃ አንበጣ መንጋ ቪዲዮ ዛሬ ለጎረቤት ቢላክ የዛሬን ቀን ተሸክሞ ይቀመጣል። ላኪው አልዋሸም፤ ተቀባዩም አልተሳሳተም፤ ፋይሉ ግን ሐሰት ይናገራል። በቴሌግራም ቪዲዮው እንደ ተራ ቪዲዮ ሲላክ መጠኑ ተቀንሶ ይሄዳል፤ «እንደ ፋይል» ተብሎ ሲላክ ግን ከነስሙ ይደርሳል።

ከሚታየው ስም ሌላ በፋይሉ ሆድ ውስጥ የተጻፈ መረጃም አለ፤ የተቀረጸበት ጊዜ፣ የስልኩ ዓይነት፣ አንዳንዴም የተቀረጸበት ቦታ። ማኅበራዊ ሚዲያዎች ቪዲዮውን ተቀብለው እንደገና ስለሚያዘጋጁት ይህን መረጃ አብዛኛውን ጊዜ ያራግፉታል። መራገፉ ለግል ደኅንነት ይበጃል፤ ሰው ሳያውቀው የቤቱን አድራሻ ለማንም እንዳያሰራጭ ይጠብቀዋል። ለኋላ ዘመን ማስረጃነት ግን ጉዳት ነው።

ቀድሞ ይህ ሁሉ ብዙም አያስጨንቅም ነበር፤ ምክንያቱም ከምስሉ ጋር ሰው ወይም ወረቀት ነበረ። ከምኒልክ አደባባይ ትንሽ ወረድ ብሎ በፒያሳ ሲኒማ ኢትዮጵያ ወይም ሲኒማ ኢምፓየር የሚገባ ተመልካች የፊልሙን ርዕስ በር ላይ ከተለጠፈው ማስታወቂያ ያነብ ነበር። ካሴት፣ ኋላም ቪሲዲ ሲመጣ የዘፋኙ ፎቶ፣ የግጥምና የዜማ ደራሲዎቹ፣ የአሳታሚው ስም በሽፋኑ ላይ ይታተም ነበር። ከዚያ ሚሞሪና ፍላሽ መጣ። በፒያሳም ኾነ በየወረዳው ከተማ ሚሞሪ በሚሞሉ ሱቆች ገዢው የዘፈኑን ርዕስ ባያውቅም ዜማውን አንጎራጉሮ፣ ፊልሙንም «ያ ትርጉሙ፣ ወታደሩ የሚያመልጥበት» ብሎ ነግሮ ያስጭን ነበር። የሱቁ ልጅ የትኛው አቃፊ ውስጥ ምን እንዳለ በቃሉ ያውቃል። ማውጫው እርሱ ራሱ ነበር።

ይህ አሠራር የፈላጊውን ችግር ቢያቃልልም የባለ ሥራውን ስም ጥሎ የሄደ ነው። ከሽፋኑ ተነጥሎ «አዲስ 14» ተብሎ የተቀዳ ዘፈን የደራሲውን ስም አይናገርም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለደራሲ ካረጋገጣቸው መብቶች አንዱ የሥራው አመንጪ እርሱ መኾኑ እንዲታወቅ ነው፤ በሚሞሪ ላይ ግን ስምን የሚያስታውስ የለም። የሚገርመው፣ በሌላው ዓለም ያለ ፈቃድ ፊልም የሚያሰራጩ ቡድኖች እንኳ ጥብቅ የስም ሥርዓት አላቸው። ርዕስ፣ የወጣበት ዓመት፣ የምስሉ ጥራት 720 ወይም 1080፣ ከምን እንደተቀዳ፣ መጨረሻ ላይ የቡድኑ ስም ተራቸውን ይዘው ይሰለፋሉ። ሥራቸው ሕገ ወጥ ነው፤ የስም አወጣጣቸው ግን ከብዙ ሕጋዊ መሥሪያ ቤት ማኅደር ይልቅ የተስተካከለ ነው። የፊልም ማጫወቻ ፕሮግራሞች ያንን ስም አንብበው የግርጌ ጽሑፉን ፈልገው እስከማምጣት ይደርሳሉ።

የአማርኛ ቪዲዮ ግን ገና በፊደል ደረጃ ይሰናከላል። የዓድዋን ስም አንዱ በዐይኑ «ዐ» ወገን፣ ሌላው በአልፋው «አ» ወገን ይጽፈዋል፤ «ዓድዋ»፣ «አድዋ»፣ «ዐድዋ»፣ «ኣድዋ» የሚሉ አራት አጻጻፎች ይገኛሉ። የአደባባዩ ስምም እንዲሁ «ምኒልክ»፣ «ሚኒልክ»፣ «ምኒሊክ»፣ «ሚኒሊክ» ይባላል። «ዓድዋ ምኒልክ አደባባይ» ብሎ አንድ ርዕስ ለመጻፍ ሲታሰብ አራቱ በአራቱ ተባዝተው አሥራ ስድስት መንገድ ይኾናሉ። አንባቢ ሁሉንም አንድ አድርጎ ያነባቸዋል። ለኮምፒዩተር ግን እያንዳንዱ ፊደል የራሱ ቁጥር ያለው ሌላ ፊደል ነው። የግዕዝ ፊደል በአውሮፓውያኑ 1999 በዓለም አቀፉ የፊደላት መለያ፣ በዩኒኮድ፣ ሲካተት ሞክሼዎቹ ሁሉ የየራሳቸውን ቁጥር ይዘው ነው የገቡት። አካሄዱ ትክክል ነበር፤ ፀሐይ ስትወጣ «ሠረቀች» በንጉሡ «ሠ»፣ ሌባ ሲወስድ «ሰረቀ» በእሳቱ «ሰ» መጻፉ የትርጉም ጉዳይ ነውና። ይሁን እንጂ የመፈለጊያው ፕሮግራም ሞክሼዎቹን አንድ አድርጎ እንዲያይ ካልተሠራ በ«አ» የጻፈው ፈላጊ በ«ዓ» ከተሰየመው ቪዲዮ ጋር አይገናኝም። በግብርናው ቃላትም ችግሩ ያው ነው። «ፀረ ተባይ» እና «ጸረ ተባይ»፣ «ሥንዴ» እና «ስንዴ» የሚጽፉ አሉ፤ «ኅብረት ሥራ» የሚለውማ ሀ ሦስት፣ ሰ ሁለት ዓይነት ስላለው ብቻውን ስድስት መልክ አለው።

ከዚህ ለማምለጥ ብዙ ሰው ወደ ላቲን ፊደል ይሸሻል፤ እዚያም የሚጠብቀው ያው ነው። ፒያሳን የጣሊያንኛውን ቃል የተከተለ በሁለት «ዜድ»፣ ሌላው በሁለት «ኤስ»፣ ሦስተኛው በአንድ «ኤስ» ይጽፋታል። ወደ ላቲን የመሸሹ ልማድ ከድሮ የመጣ ይመስላል። ዩኒኮድ ከመስፋፋቱ በፊት እንደ ፓወር ግዕዝና ቪዥዋል ግዕዝ ያሉ ፕሮግራሞች እያንዳንዳቸው በየራሳቸው መንገድ ፊደሉን ያስቀምጡ ስለነበር በአንዱ የተጻፈው በሌላው ኮምፒዩተር ላይ ሲከፈት ትርጉም የሌለው የምልክት ክምር ይኾን ነበር። አሮጌ ስልኮችም የአማርኛ ስም ሲያዩ ባዶ ሳጥን ይደረድራሉ። ሌላ እምብዛም የማይታወቅ ነገርም አለ። በብዙ የአንድሮይድ ስልኮች የፋይል ስም ከ255 ባይት መብለጥ አይችልም፤ አንድ የላቲን ፊደል አንድ ባይት ሲወስድ አንድ የግዕዝ ፊደል ሦስት ባይት ይወስዳል። ስለዚህ የአማርኛ ስም ከ85 ፊደል በላይ ሊረዝም አይችልም። ለበቂ መግለጫ 85 ፊደል አያንስም፤ «ሰበር» እና «አስደንጋጭ» በሚሉ ቃላት ካልባከነ።

ፊደሉ ቢስተካከል ቀጥሎ ዘመኑ አለ። «ዓድዋ 2016» የሚል ቪዲዮ አዲስ አበባ ላለው ሰው ግልጽ ነው። ዋሽንግተን ያለው ዘመዱ ግን በአውሮፓውያኑ 2016 የተከበረ አድርጎ ሊያነበው ይችላል፤ ያ ደግሞ በእኛ 2008 ዓ.ም. ነው። መካከላቸው ስምንት ዓመት አለ። የበዓሉ አክባሪዎች ለዚህ ችግር ምናልባትም ሳያስቡት መልካም መፍትሔ አግኝተውለታል፦ የበዓሉን ተራ ቁጥር መጻፍ። ድሉ የተገኘው በ1888 ዓ.ም. ስለኾነ ከማንኛውም ዓመት ላይ 1888 ሲቀነስ የሚገኘው ቁጥር የበዓሉ ተራ ነው፤ 2016 ሲኾን 128ኛ፣ 2017 ሲኾን 129ኛ። «128ኛው የዓድዋ ድል በዓል» የሚለውን ርዕስ በየትኛውም የዘመን አቆጣጠር ያነበበ ሰው አይሳሳትም።

አርሶ አደሩ ግን እንዲህ ያለ ተራ ቁጥር የለውም። «የ2016/17 ምርት ዘመን የግብዓት አቅርቦት» የሚል ቪዲዮ የየትኛው አቆጣጠር እንደኾነ ካልተጻፈበት ለሁለት ትርጉም ክፍት ነው። ያንን ያጋደለ መስመር የፋይል ስም ስለማይቀበለውም ሰዎች ቁጥሮቹን አጣብቀው 201617 ብለው ይጽፏቸዋል፤ ይህን አይቶ የሚረዳ ሰው ቢኖር ጸሐፊው ብቻ ነው። የማዳበሪያ ዋጋ፣ የዘር አቅርቦት፣ የብድር ሁኔታ ደግሞ ከዓመት ዓመት የሚለወጡ ናቸው።

ቪዲዮው ዩቲዩብ ላይ ሲጫን ርዕስ ካልተጻፈለት የፋይሉ ስም ራሱ ርዕስ ኾኖ ይቀርባል። በቁጥር ብቻ የተሰየሙ ቪዲዮዎች በየጊዜው የሚታዩት ለዚህ ነው። ዩቲዩብ ለርዕስ 100፣ ለማብራሪያ 5 ሺህ፣ ለመለያ ቃላት 500 ፊደላትን ይፈቅዳል፤ ፈላጊው ከጻፈው ቃል ጋር የሚያነጻጽረውም ርዕሱን፣ ማብራሪያውን፣ መለያ ቃላቱንና የቪዲዮውን ይዘት ነው። ኩባንያው ራሱ እንደሚመክረው መለያ ቃላት በፍለጋ ላይ ያላቸው ድርሻ አነስተኛ ነው፤ የሚጠቅሙት የቪዲዮው ጉዳይ በተለያየ አጻጻፍ ወይም በተሳሳተ ፊደል በሚፈለግበት ጊዜ ነው። ምክሩ ለአማርኛ ተብሎ የተጻፈ ይመስላል። ርዕሱን በአንድ አጻጻፍ አስተካክሎ ሌሎቹን አጻጻፎች በመለያ ቃላት ቦታ መደርደር፣ በማብራሪያው ደግሞ ቀኑን በሁለቱም አቆጣጠር መጻፍ ምንም ገንዘብ አይጠይቅም።

ማንም ሳያውጃቸው ሥርዓት የኾኑ ቃላትም አሉ። «ሙሉ ፊልም» ማለት ቁራጭ አይደለም ማለት ነው፤ «ክፍል 3» ከፊቱ ሁለት እንዳሉ ይናገራል፤ «ትርጉም» የውጭ አገር ፊልም በአማርኛ እንደሚተረክ ያስረዳል። እነዚህ የተመልካቹ የራሱ ፈጠራ ናቸው፤ ይሠራሉም። «ሰበር» ግን ከአገልግሎት ብዛት ዋጋውን አጥቷል። ትናንት የሆነውም፣ ካቻምና የሆነውም፣ ጨርሶ ያልሆነውም «ሰበር» ከተባለ ቃሉ የሚያሳውቀው ነገር የለም። በቲክቶክም ከጉዳዩ ጋር የማይገናኝ መለያ ቃል ተመልካች ያመጣል ተብሎ ይለጠፋል፤ ውጤቱም ስለ ድንች በሽታ የሚፈልግ ሰው ጭፈራ ማግኘቱ ነው።

በፒያሳ የሚጠፋው ነገር ትዝታ ነው። በ2016 ዓ.ም. በአካባቢው በተካሄደው የመልሶ ማልማት ሥራ ዶሮ ማነቂያን ጨምሮ የቆዩ ሰፈሮች ፈርሰዋል። በነዋሪዎቹና በጎብኚዎች ስልክ ውስጥ የቀሩት ቪዲዮዎች አሁን የእነዚያ መንገዶችና ቤቶች ማስረጃ ናቸው። ከእነርሱ መካከል ማን ምን እንደቀረጸ የሚያውቀው ቀራጩ ብቻ ነው፤ የሰፈሩ ስም በፋይሉ ላይ ካልሰፈረ የልጅ ልጁ ሲከፍተው የሚያየው አንድ ጠባብ መንገድ ነው።

በማሳ ላይ ግን የሚጠፋው እህል ነው። «ተምች» የሚለውን ቃል እንውሰድ። በአገራችን ከድሮ የሚታወቀው የአፍሪካ ተምች በመንጋ እየተጓዘ ሣሩንና አዝመራውን በግልጽ የሚበላ ነው። በአፍሪካ ለመጀመሪያ ጊዜ በአውሮፓውያኑ 2016 ታይቶ በ2009 ዓ.ም. ኢትዮጵያ የገባው የአሜሪካ መጤ ተምች ደግሞ በአመዛኙ በቆሎን ያጠቃል፤ ከተክሉ መሐል ባለው የቅጠል ጥቅል ውስጥ ገብቶ ተደብቆ ይበላል። ግንባሩ ላይ የተገለበጠ «ዋይ» የሚመስል ነጭ ምልክት፣ ከጅራቱ አጠገብ ደግሞ በአራት ማዕዘን የተሰለፉ አራት ጥቁር ነጥቦች አሉት። መከላከያውም የተለየ ነው። ማሳውን ቶሎ ቶሎ ማሰስ፣ ዕንቁላሉንና ትሉን በእጅ ለቅሞ መግደል፣ መድኃኒት ካስፈለገም በማለዳ ወይም ከቀኑ ማብቂያ ላይ ወደ ጥቅሉ ውስጥ እንዲገባ አድርጎ መርጨት ያስፈልጋል። «የተምች መከላከያ» የሚል ብቻ የተጻፈበትን ቪዲዮ አይቶ ቅጠሉን ከላይ የረጨ አርሶ አደር ገንዘቡን አውጥቷል፤ ትሉ ግን ከጥቅሉ ውስጥ መብላቱን ይቀጥላል።

ቦታው ካልተጻፈም ጥፋቱ ይብሳል። ከውጭ አገር ተገኝተው በአማርኛ ድምፅ የተጫነባቸው ቪዲዮዎች የመድኃኒቱን መጠን ብዙ ጊዜ የሚናገሩት በኤከር ነው። አንድ ኤከር 0.4 ሄክታር ገደማ ነው። በኤከር የተነገረውን መጠን ለሄክታር የወሰደ ሰው ከሚያስፈልገው ግማሽ ያነሰ ይረጫል። ተባዩ አይሞትም፤ መድኃኒቱን ይለምዳል። ከዚህ ቀለል ያለም አለ፦ ከደብረ ዘይት ግብርና ምርምር ማዕከል የወጣውን «ቁንጮ» የተባለ የጤፍ ዝርያ የሚፈልግ ሰው «ጤፍ» የሚለውን ካልጨመረ የሕፃናት ፀጉር አቆራረጥ ሊያገኝ ይችላል።

በገጠር ቪዲዮ አዲስ ነገር አይደለም። ዲጂታል ግሪን የተባለው ድርጅት ከግብርና ሚኒስቴር ጋር በመኾን በአማራ ክልልና በሌሎችም ክልሎች የአካባቢው አርሶ አደሮች ራሳቸው የሚሳተፉባቸውን አጫጭር ቪዲዮዎች በትንሽ ፕሮጀክተር ሲያሳይ ቆይቷል። እዚያ የቪዲዮው ስም ምንም ቢባል አያሳስብም፤ የልማት ጣቢያ ሠራተኛው አጠገቡ ቆሞ ለየትኛው ሰብል፣ ለየትኛው ወር እንደኾነ ያስረዳል። እንደ ፒያሳው የሚሞሪ ሱቅ ልጅ ማውጫው ሰው ነው። በ2006 ዓ.ም. የተጀመረው የ8028 የስልክ አገልግሎትም ደዋዩን ፊደል አያስቆጥረውም፤ ሰብሉንና የሥራውን ዓይነት በቁጥር ያስመርጠዋል። ያው ቪዲዮ በቴሌግራም ብቻውን ሲጓዝ ግን አስረጂው ወደ ኋላ ይቀራል።

ስለዚህ አንድ የግብርና ባለሙያ በማሳ ላይ የቀረጸውን ከመላኩ በፊት ሰብሉን፣ ጉዳዩን፣ ቦታውንና ጊዜውን በዚሁ ቅደም ተከተል ቢጽፍ፣ ለምሳሌ «በቆሎ የአሜሪካ መጤ ተምች አሰሳ ሜጫ ሐምሌ 2017 ዓ.ም.»፣ ስሙ ከ85 ፊደል በታች ኾኖ ያልቃል። የአደባባዩ ቀራጭም «128ኛው የዓድዋ ድል በዓል ምኒልክ አደባባይ የካቲት 23 2016 ዓ.ም.» ቢል ይበቃዋል። ስሙ እንዳይቀየር «እንደ ፋይል» መላክ፣ በቪዲዮ መልክ የሚላክ ከኾነም ያንኑ ስም ከሥሩ ደግሞ መጻፍ ያስፈልጋል። የመጠን ምክር ያለበት ከኾነ «በሄክታር» የሚለውን ቃል በቪዲዮው ውስጥ በድምፅም መናገር ይገባል፤ ከሥሩ የተጻፈው ሲጠፋ ድምፁ ይቀራልና። ስሕተት ካለም መታረም ያለበት ከመላኩ በፊት ነው። በቴሌግራም ቻናል የተለጠፈን ጽሑፍ ባለቤቱ ሊያርመው ይችላል፤ ቀድሞ ወደ ሌሎች የተላለፈው ቅጂ ግን አብሮ አይታረምም።